ዋኘው የደበቀው ስም

ዝም ማለት አልችልበትም። ሚስቴ ትለኛለች፤ ጉንደ ወይን ላይ በር ሊያሠራ የሚመጣው ሰው ሁሉ ይለኛል። እንጨቱን እየላግሁ ወሬዬን እቀጥላለሁ፤ ምን ላድርግ፣ ሲፈጥረኝ ነው። እግዜር ደግሞ ቀልድ ያውቃልና ግድቡ ካምፕ ውስጥ ከዋኘው ጋር አልጋ ለአልጋ አስተኝቶ ዓመታት አኖረኝ። ዋኘው “እንዴት አደርክ?” ስትለው “እግዜር ይመስገን” ብሎ ጨዋታውን እዚያው የሚዘጋ ሰው ነው። መልሶ “አንተስ?” እንኳን አይልም።

ክፉ ሆኖ አይደለም። የካምፑ ሰው ኩሩ ይለው ነበር፤ እኔም አንዳንዴ ሲብስብኝ ብየዋለሁ። ግን ሰው ሲታመም ሳይጠየቅ ፈረቃውን ሸፍኖ የሚሠራ፣ ከአገር ቤት የመጣለትን ቆሎ ሳይቀምስ ለሰው የሚያዞር ሰው እንዴት ኩሩ ይባላል? ወሬ አልተሰጠውም፣ በቃ።

ሥራችን ቆላ ነበር። ከጎጃም ደጋ ጋቢያችንን ይዘን ወርደን ጋቢውን ሻንጣ ውስጥ የረሳንበት አገር። እኔ አናጢ ነኝ፤ ኮንክሪቱ የሚፈስበትን ሳጥን እንገጥማለን። እኛ ስንወጣ ኮንክሪቱ ይወርዳል፣ ያን ጊዜ እነ ዋኘው ቦት ጫማቸውን አጥልቀው ይገባሉ። ቫይብሬተር የሚባል ማሽን አለ፤ ጫፉ ብረት የሆነ ረጅም ጎማ ነው። እየተንቀጠቀጠ እርጥቡ ኮንክሪት ውስጥ ይጠልቅና ውስጡ የቀረውን አየር ያስወጣል። አየሩ ካልወጣ ኮንክሪቱ ሲደርቅ መሐሉ ባዶ ይቀራል፤ ግድብ ላይ ደግሞ ይህ አይፈለግም። ዋኘው ጢሙ ሳይበቅል የያዘው ሥራ ነው። ከዚህኛው ግድብ በፊት ሌላ ላይ ሠርቷል፣ ከዚያም በፊት ሌላ ላይ። አንዱ ሲያልቅ ሻንጣውን አንጠልጥሎ ወደሚቀጥለው ይሄዳል፤ ሚስትም ልጅም ሳያስከትል።

ፈረቃው ሲያልቅ ማሽኑ ይጠፋል፤ የዋኘው እጅ ግን መንቀጥቀጡን አይተውም። መጀመሪያ ሰሞን ከሥራ በኋላ ትንሽ ቆይቶ ይለቀው ነበር። ኋላ ላይ ቀኑን ሙሉ ሆነ። የሸሚዙን ቁልፍ ለመቆለፍ ፊቱን ወደ ግድግዳ ያዞራል፤ እኔም አላየሁም ብዬ ወሬዬን እቀጥላለሁ። ለሐኪም አሳይ ስለው፣ ሥራዬን ሊቀሙኝ ነው ብሎ እምቢ አለ።

ስለ ክርስትና ስሙ ልንገራችሁ፤ ነገሩ ሁሉ የሚመጣው ከእሱ ነው። ካምፓችን ውስጥ ድቁና ያለው አንድ በያጅ ነበር። እሑድ እሑድ ጥቂት ሰዎች ስንሰበሰብ ጸሎት ያደርሳል፣ በመጨረሻም በየስማችን ያስበናል። ሁላችንም የክርስትና ስማችንን ነግረነዋል። ዋኘው ተራው ሲደርስ ጣቱን ወደ ላይ ቀስሮ፣ “የኔን እሱ ያውቀዋል” ይላል። ሌላ ትንፍሽ የለም።

ምክንያቱን አንድ ቀን ወባ ይዞት ሲያተኩሰው ነው ያወራኝ። እናቱ ከእሱ በፊት የወለደቻቸው ልጆች አልቀውባታል። ጎረቤት ደግሞ አያርፍም፣ የክርስትና ስማቸውን አውቆ ያስደገመባቸው ሰው ቢኖር ነው አሏት። ሐዘን ላይ ያለ ሰው የነገሩትን ሁሉ ያምናል። ዋኘው ክርስትና ሲነሣ ቄሱን ቀስ ብለው እንዲጠሩት ለመነቻቸው፤ የክርስትና አባቱንም አስማለችው። ልጁ ነፍስ ሲያውቅ ስሙን በጆሮው ነገረችውና፣ ይህን ለሰው የነገርክ ቀን እኔን ገደልከኝ አለችው። እንዲህ የተባለ ልጅ ምን ያውራ? ስሙን የደበቀ እየመሰለው ሌላውንም ሁሉ አብሮ ደበቀው።

እኔ ደግሞ የማላውቀው ነገር ሲኖር አያስተኛኝም። “ኃይለ ሚካኤል ነህ? ገብረ ሥላሴ?” እያልኩ ስንት ጊዜ ነዘነዝኩት። የእኔን ነገርኩት፣ የሚስቴን ነገርኩት፣ የአማቼን ሳይቀር ነገርኩት። አንሶላውን ፊቱ ላይ ይስባል። አኮርፌ ሳልናገረው የዋልኩባቸው ቀናት አሉ፤ እሱ ግን እንዳኮረፍኩ እንኳን የሚያውቅ አይመስለኝም። ዝምታ ለእሱ ደንቡ ነው።

ከካምፑ በር ውጭ ሻይና ፓስቲ የምትሸጥ ዘምዘም የምትባል ሴት ነበረች። የማርቆስ ከተማ ልጅ ናት፣ ሙስሊም፣ ባሏ የሞተባት። ጎጃሜው ሁሉ እሷ ጋ ነው የሚሰበሰብ፤ አገር አገር ትሸታለች። አንድ ቀን ልብ ብዬ ሳይ ለሁላችንም ብርጭቆውን ሞልታ ትቀዳለች፣ ለዋኘው ግን ግማሽ። ሌላ ቀንም ግማሽ። ደሜ ፈላ። ዝምተኛ ስለሆነ ነው አይደል የምታጎድይበት፣ እኔን ብታደርጊኝ ኖሮ ታይ ነበር ብዬ ሰው ፊት ጮኽኩባት። እሷ ቀና ብላ አየችኝና ማንቆርቆሪያዋን አስቀምጣ ዕቃ ማጠቧን ቀጠለች። ዋኘው ብርጭቆውን በሁለት እጁ ይዞ፣ “ተዋት፣ ምስጋናው” አለኝ። ተውኳት፤ ግን ስስታም ሴት ናት ብዬ በልቤ ያዝኩባት።

ግድቡ አለቀ። እኔ ጉንደ ወይን ገብቼ የእንጨት ሥራ ቤት ከፈትኩ። ዘምዘም ማርቆስ መናኸሪያ አጠገብ ሻይ ቤት ከፈተች ሲሉ ሰማሁ። ዋኘው ሌላ ግድብ ፍለጋ አልሄደም፤ ማሽኑን የሚይዝ እጅ አልቀረውም። ከደምበጫ ወጣ ብሎ እናቱ የተወችለት ቤት ገባ። እሷ ሞታ ነበር።

አንድ ጊዜ ሄጄ ጠይቄዋለሁ። ግድብ ሲሠራ ኖሮ ጎጆው ጨለማ ነበር የሚል ወሬ የምትጠብቁ ካላችሁ፣ አይደለም። መብራት ነበረው። አንዲት አምፖል መሐል ቤት ተንጠልጥላ ቀን ሳይቀር ትበራለች። ለምን አታጠፋትም ስለው፣ ሰው ያለ ይመስላል አለኝ።

መሬቱን የአጎቱ ልጅ ነው የሚያርስለት። እሱ ሞክሮ ነበር አሉ፤ እርፉን ሲጨብጥ በሬዎቹ ግራ እየተጋቡ ቆሙበት። የሰፈሩ ሰው ጥሩ ሰው ነው፣ ግን ካምፕ የኖረ ሰው ነው፣ መጠጥ ነው እጁን እንዲህ ያደረገው ብለው አሙት። ጠላ ቤት አይሄድም፣ ለቅሶ ላይ ጥግ ይዞ ተቀምጦ ይወጣል። አንድ ነገር ብቻ ያስቃቸው ነበር። ቅዳሜ የደምበጫ ገበያ ነው፤ አገሩ ሁሉ ወደ ደምበጫ ሲጎርፍ ዋኘው ገበያውን ሰንጥቆ አልፎ ማርቆስ በሚሄድ መኪና ይሳፈራል። ማታ ሲመለስ አንድ ፓኮ ጨው ይዟል። የደምበጫው ጨው አይጣፍጥም ወይ ይሉታል። ፈገግ ብሎ ያልፋል። እኔም ስጠይቀው ሳል ስለያዘው ሐኪም ጋ የሚመላለስ መሰለኝ፤ ደረቱን ያፍነው ነበር፣ ስንት ዘመን የሲሚንቶ አቧራ ነዋ የማገው። ሐኪም ጋ ነው የምትሄደው ስለው አንገቱን ነቀነቀ። አዎን ማለቱ መስሎኝ ሌላ ወሬ ጀመርኩ።

ክረምቱ ሲወጣ የአጎቱ ልጅ ደወለልኝ። ጠዋት በሩ አልከፈት ሲል ገብተው አገኙት፤ አምፖሏ እንደበራች። መንገድ ተዘግቶ ሰንብቶ ነበርና በሰው በሰው መኪና ለምኜ፣ ቀሪውን በባጃጅ፣ ለቀብሩ ደረስኩ።

አስከሬኑ ቤተ ክርስቲያን ገብቶ ፍትሐት ሊጀመር ሲል ቄስ እንዳላማው፣ ሽማግሌው የደብሩ ቄስ፣ ወደ ዘመዶቹ ዞረው፣ “የክርስትና ስሙ ማነው?” አሉ። የአጎቱ ልጅ እኔን አየኝ። እኔ የአጎቱን ልጅ አየሁት። እናት የለች፣ የክርስትና አባቱ ከሞተ ቆየ፣ ክርስትና ያነሡትም ቄስ አልፈዋል። የንስሐ አባት አልያዘም ነበር፤ ስሙን እንዳይጠይቁት ይመስለኛል። ከዚያ ሁሉ ሰው የሚያውቀው ጠፋ። ቄሱ ጥቂት ጠብቀው፣ ስሙን አንተ የምታውቀው ባሪያህ ብለው ቀጠሉ፤ እንዲያ ተቀበረ።

ተናደድኩ። በማን እንደተናደድኩ አላውቅም። ሰው እንዴት ተወልዶ፣ ያን ሁሉ ሠርቶ፣ አንድ ቀን በስሙ ሳይጠራ ይቀበራል? ሲወለድ በሹክሹክታ፣ ሲሞት ያለ ስም! ቄሱን ተከትዬ ሄድኩ።

“አባ፣ ይህ ነገር ይበቃዋል?” አልኳቸው።

“እግዚአብሔር ስም ጠፍቶበት አያውቅም ልጄ፤ አትጨነቅ” አሉኝ። ፊቴን አይተው ግን፣ “እስከ አርባው ካገኘኸው አምጣልኝ፤ በስሙ እጠራዋለሁ” አሉ።

ያን ይዤ ተነሣሁ። አርባው ሳይደርስ የዋኘውን ስም አገኛለሁ ብዬ ማልኩ። ሚስቴ የራስህን ሥራ ጥለህ የሰው ስም ፍለጋ ትዞራለህ አለችኝ፤ እውነቷን ነው፤ ዞርኩ።

መጀመሪያ መርጡለ ማርያም ሄድኩ። የአባቱ እህት እማሆይ ወለተ ሐዋርያት መንኩሰው እዚያ ይኖራሉ፤ ክርስትናው ቀን ነበሩ ብለውኝ ነው። ዓይናቸው ደክሟል፣ ልባቸው ግን ብሩህ ነው። ዝናብ እንደነበር ያስታውሳሉ። ሕፃኑ ውሃው ሲነካው እንዳላለቀሰ ያስታውሳሉ። የክርስትና አባቱ የማን ፈረስ ተውሶ እንደመጣ ሳይቀር ነገሩኝ። “ስሙንስ እማሆይ? አልሰሙም እርስዎ?” ብላቸው፣ እናቱ ሴቶቹን ሁሉ ወደ ኋላ እንድንቆም አድርጋን ነበር አሉኝ። ያን ጊዜ ቅር ብሏቸው እንደነበር፣ እስካሁንም ቅር እንደሚላቸው ነገሩኝ። የክርስትና አባቱ ሴት ልጅ ማርቆስ አግብታ እንደምትኖር የጠቆሙኝም እሳቸው ናቸው።

ማርቆስ ሄድኩ። ሴትዮዋን አገኘኋት፣ በደንብ ተቀበለችኝ፣ ምሳ አቀረበችልኝ። አባቷ ምሎ ነበርና መሐላውን ይዞ ሞተ። ሌላ የምጠይቀው ሰው የለም። የካምፑን ዲያቆን አስቀድሜ በስልክ ጠይቄዋለሁ፤ በአንድ ክፍል የኖሩትን ጎጃሜዎች አንድ በአንድ ደውዬላቸዋለሁ። ሁሉም፣ አንተ ካላወቅህ ማን ሊያውቅ ይሉኛል። እውነት ነው፣ እኔ ነበርኩ ማወቅ የነበረብኝ።

ወደ መናኸሪያው ወረድኩ። መኪናው እስኪሞላ ሻይ ልጠጣ ብዬ አንዱ ቤት ጎራ ስል ዘምዘም ናት። ትንሽ ወፍራለች፣ ሻርፗ ያው አረንጓዴ ነው። ስታየኝ ፊቷ በራ። አስቀመጠችኝ፣ ሻዩን እስከ አፉ ሞልታ ሰጠችኝና ፊት ለፊቴ ቆመች።

“ዋኘው ደኅና ነው? ቅዳሜ ቅዳሜ ቀርቶ አያውቅም፤ ሰሞኑን ጠፋብኝ” አለች።

ብርጭቆውን አስቀመጥኩ። እሷ ፊቴን አየችና ወንበር ስባ ተቀመጠች። መቼ ነው አለችኝ፣ ነገርኳት። ለምን አልነገራችሁኝም አለች። እንደሚነገራት ማን አውቆ? የሻርፗን ጫፍ አፏ ላይ ይዛ ድምፅ ሳታሰማ አለቀሰች። ሰው ሻይ እያለ ይጣራል፣ እሷ አትሰማም። ጨው የሚገዛው ለሰፈር ሰው መልስ እንዲሆነው እንደነበር ያኔ ነው የገባኝ።

እኔም እንደልማዴ መቀባጠር ጀመርኩ። ስለ ቀብሩ አወራሁ፣ ስለ መርጡለ ማርያም አወራሁ፣ ስሙን ፍለጋ ማርቆስ ድረስ መጥቼ ባዶዬን ልመለስ ነው አልኳት። ቀና ብላ አየችኝ።

“ወልደ ገብርኤል ነው” አለች።

በልመና የሚነገር ምሥጢር እንኳን አላስመሰለችውም። ማን ነገረሽ አልኳት። “እሱ ነዋ” አለችኝ።

ከዚያ ቀስ እያለች አጫወተችኝ። ካምፕ ሳለን አንድ ከሩቅ አገር የመጣ ሠራተኛ በበሽታ ሞቶ ሬሳው ሊላክ ሲል፣ አብረውት የኖሩት ስለ ቤተሰቡ እንኳን የሚያውቁት አልነበራቸውም። ያን ቀን ዋኘው ከፈረቃ ወጥቶ እሷ ጋ ሄደ። ቤቱ ጭር ብሎ ነበር። ብርጭቆውን በሁለት እጁ ይዞ ስሙን ነገራት። እሷ ደነገጠች። እኔ ሙስሊም ነኝ፣ የክርስትና ስም ምን አደርግበታለሁ አለችው።

“አንቺ ዘንድ ይቀመጥልኝ፤ አንቺን ማንም አይጠይቅሽም” አላት።

እውነቱን ነበር። ያን ሁሉ አገር ስዞር እሷን ልጠይቅ አላሰብኩም። ቢታየኝም የምስቅ ይመስለኛል።

ለመያዝ አላስቸገረኝም አለች ዘምዘም። ገብርኤል የኛም ነው፣ ጅብሪል እንለዋለን፤ እሱን ሳስብ ይኸኛውም ይመጣልኛል አለችኝ። እኔም አፌ አያርፍምና፣ እንዲያው በእናንተ መካከል ነገር ነበር ወይ ብዬ ጠየቅኳት። አልተቆጣችም።

“እሱ ሃይማኖቱን አይተው፣ እኔ ሃይማኖቴን አልተው። ቅዳሜ ቅዳሜ መጥቶ ሻይ ይጠጣ ነበር” አለችኝ።

ያን የጮኽኩባትን ቀንም አስታወሰችኝ። ብርጭቆው ሲሞላ በእጁ ላይ ይፈስበት ነበር፣ ሲፈስ ደግሞ ሰው ያየዋል። ግማሽ ትቀዳለታለች፣ ያን ሲጨርስ ሌላ ግማሽ ትጨምርለታለች። ሁለተኛውን እኔ ለወሬ ስጣደፍ አላየሁትም። ያ ያፈርኩት ሐፍረት እስካሁን አለቀቀኝም።

ልሄድ ስነሣ አንድ ነገር ጠየቀችኝ። “ስሙን ሲጠሩት ልስማው፤ አደራው ከእኔ ላይ ይውረድ።”

አርባው ቅዳሜ ዋለ። ስሙን ለቄስ እንዳላማው ስነግራቸው ከማን እንዳገኘሁት ጠየቁኝ፤ ነገርኳቸው። ትምጣ፣ ከቅጽሩ ውጭ ካለው ወይራ ሥር ድምፄ ይደርሳታል አሉ። እኔ ከውስጥ ነበርኩ፣ ግን በሩ አጠገብ ስለቆምኩ ትታየኛለች። ሻርፏን አጥብቃ ወይራውን ተደግፋ ቆማለች። ካህናቱ ዜማውን ቀጠሉ። ሰዉ እንደልማዱ ግማሹ ይጸልያል፣ ግማሹ ስለ ጤፉ ያስባል።

ቄሱ ድምፃቸውን ከፍ አደረጉ፤ ሁልጊዜ እንዲያ አያደርጉም። “ነፍሰ ገብርከ ወልደ ገብርኤል” አሉ።

አጠገቤ የቆመው የዋኘው ጎረቤት ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ፣ “ወልደ ገብርኤል ደግሞ ማነው? ሌላ የሞተ አለ እንዴ?” አለኝ። ማንም ቀና አላለም፣ ማንም አላለቀሰም፤ ያን ስም የሚያውቀው ሰው የለማ። ከወይራው ሥር እሷ ብቻ ሁለት እጇን ፊቷ ላይ አድርጋ ታለቅሳለች።

ከጸሎቱ በኋላ ዳቦ ወሰድኩላት፤ ቆርሳ በላች። እስከ አስፋልቱ ሸኘኋት። ባጃጅ ስንጠብቅ አንድ ነገር ያዘኝ። እኔ ስሜን ለካምፑ ሁሉ የዘራሁ ሰው ነኝ፤ የሰሙኝን ሁሉ ደውዬ ሳነጋግር ከመካከላቸው የእኔን ያስታወሰ አልነበረም። ሚስቴን ባለፈው ብጠይቃት ማሰብ ጀመረች። እንግዲህ ዘምዘም ትያዝልኝ ብዬ፣ “የኔ ስም ደግሞ…” ስል እጇን አነሣች።

“ተወው፣ ምስጋናው” አለችኝ። “ሌላ አደራ አልችልም።”

ባጃጁ መጣ። የገበያ ቀን ስለሆነ ሞልቷል፤ ሰዎቹ ጠጋ ጠጋ አሉላትና ጥጉን ይዛ ተቀምጣ ሄደች።